ድምፅ አልባ የዜና ፊልም ምንድን ነው?

ቴሌቪዥን ከመምጣቱ በፊት በሲኒማ ቤቶች ከዋናው ፊልም ጋር ይታይ የነበረ አጭር የዜና ጥንቅር ነው። የፈረንሳዩ ፓቴ ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ1908 ፓሪስ ላይ ጀመረው፤ በ1910 ብሪታንያ፣ በ1911 አሜሪካ ገባ። የፊልም ፈር ቀዳጆቹ የሉሚየር ወንድማማቾች ከፋብሪካ የሚወጡ ሠራተኞችን የቀረጹት ግን ቀደም ብሎ በ1895 ነው። የፓቴ አዲስ ነገር እንደ ጋዜጣ ቀን ጠብቆ መውጣቱ ነበር። የንጉሥ ጉብኝት፣ የመርከብ ምረቃና የባርኔጣ ፋሽን ተከታትለው ያልፋሉ፤ በየመካከሉ ጉዳዩን የሚያስተዋውቅ አጭር ጽሑፍ ይመጣል፤ ፒያኖ ያጅበዋል።

ካሜራው ባለሦስት እግር ማቆሚያ ላይ የሚተከል፣ እጀታው በእጅ የሚዞር ከባድ ሣጥን ነበር። ስለዚህ ባለሙያው ቀድሞ ቦታ መያዝ ነበረበት፤ ዜናውም በአብዛኛው አስቀድሞ የተነገረለት ሥነ ሥርዓት ሆነ። ራስ ተፈሪ በ1924 አውሮፓን ሲጎበኙ የተቀረጹትም በዚህ መንገድ ነው። እኔ ግን ከባለሥልጣኑ ይልቅ ከኋላው የተኮለኮለውን ሕዝብ ማየት እመርጣለሁ፤ ጫማውን፣ ባርኔጣውን፣ ካሜራውን አፍጥጦ የሚያየውን ልጅ።

ያልታሰበ ነገር የሚገኘው በዕድል ነው። ጁን 4 ቀን 1913 ለንደን አቅራቢያ ኤፕሰም ላይ ካሜራዎቹ የተተከሉት ለፈረስ ውድድር ነበር። ለሴቶች የመምረጥ መብት ትታገል የነበረችው ኤሚሊ ዴቪሰን በአጥሩ ሥር ሾልካ ሜዳው ውስጥ ገባች፤ የንጉሡ ፈረስ አንመር ገጭቶ ጣላት። ፈረሱም ጋላቢውም አብረው ወደቁ፤ ሁሉም በጥቂት ሰከንዶች አለቀ። የቀሩት ፈረሶች ካለፉ በኋላ ሕዝቡ ሜዳውን አጥለቀለቀው። ዴቪሰን ከአራት ቀን በኋላ ሞተች። ለምን እንደገባች እስከ ዛሬ ያከራክራል፤ ፊልሙን ደጋግሞ ማየትም ክርክሩን አልዘጋውም።

ማስመሰልም አልቀረም። ፈረንሳዊው ፊልም ሠሪ ሜልየስ በ1902 የብሪታንያውን ንጉሥ የኤድዋርድ ሰባተኛን ዘውድ መጫን ከበዓሉ በፊት ስቱዲዮ ውስጥ በተዋንያን ሠርቶት ነበር። ንጉሡ ታመው በዓሉ ሲዘገይ ፊልሙ ተዘጋጅቶ ጠበቃቸው!

በነገራችን ላይ የዚያ ዘመን ሰው በፊልሙ ላይ እንደሚታየው እየተጣደፈ አይራመድም ነበር። በሰከንድ 16 ያህል ምስል የተቀረጸውን በ24 ሲያሳዩት ነው እንዲያ የሚመስለው።

በሜይ 1927 ፎክስ ኩባንያ አትላንቲክን ብቻውን ያለ ዕረፍት ለማቋረጥ የተነሣውን የአብራሪውን የሊንድበርግን አውሮፕላን ከኒው ዮርክ ሲነሣ ከነሞተሩ ድምፅ ቀርጾ በዚያው ምሽት አሳየ። ከዚያ በኋላ በጥቂት ዓመታት ውስጥ ድምፅ አልባው ዜና ገበያውን ለቀቀ።