የላይሰንስ ቁልፍን ከኮማንድ ላይን ማስተዳደር ምንድን ነው?

በአንድ ሰርቨር ላይ ብዙ ቨርቹዋል ማሽኖችን (በሶፍትዌር የተፈጠሩ ኮምፒውተሮችን) የሚያሠራው የቪኤምዌሩ ኢኤስኤክስአይ ሲጫን ቁልፍ የግድ አይልም። 60 ቀን የሙከራ ጊዜ ይሰጣል፤ በዚያ ጊዜ ሁሉም ነገር ክፍት ነው። ጣጣው የሚመጣው ከዚህ ነው፤ ሁሉም ስለሚሠራ ቁልፍ ማስገባቱ ይረሳል። ቀኑ ሲያልፍ የሚሠሩት ቨርቹዋል ማሽኖች ወዲያው አይቆሙም። አንዱን አጥፍተህ መልሰህ ላስነሳ ስትል ግን እምቢ ይላል።

ቁልፉ በአምስት በአምስት የተከፈለ፣ 25 ፊደልና ቁጥር ነው። የትኛው ላይሰንስ እንደተገዛና ምን እንደሚፈቀድ ለሶፍትዌሩ ይነግረዋል። ብዙ ሰው ብሮውዘር ከፍቶ ያስገባዋል። ለአንድ ሁለት ሰርቨር ችግር የለውም። ሠላሳ ከሆኑ ግን እየከፈቱ መለጠፍ ያሰለቻል፤ ስህተትም ይጋብዛል። ከኮማንድ ላይን ማስተዳደር ማለት ይህንኑ ሥራ በኤስኤስኤች (ሰርቨር ውስጥ ከርቀት መግቢያ መንገድ) ገብቶ በጽሑፍ ትዕዛዝ መጨረስ ነው። ትዕዛዙን ስክሪፕት (ትዕዛዞችን በራሱ የሚፈጽም ፋይል) ውስጥ ካስገባኸው ሠላሳውንም በአንዴ ትጨርሳለህ።

ኢኤስኤክስአይ ላይ መሣሪያው ቪም-ሲኤምዲ ይባላል። ለላይሰንስ ሁለት ነገር ይበቃል፦ «ሾው» ያለውን ያሳያል፣ «ሴት» አዲሱን ያስገባል። ሁሌም በሾው ጀምር። የሚወጣው ቁልፍ ከዳር እስከ ዳር ዜሮ ከሆነ ሰርቨሩ ገና በሙከራ ላይ ነው። ካስገባህ በኋላም ሾው ብለህ የላይሰንሱን ስም አረጋግጥ። ትክክለኛ ቁልፍ ሆኖ ዝቅ ያለ ላይሰንስ ከሆነ፣ በሙከራው የለመድካቸው አንዳንድ አገልግሎቶች ይዘጋሉ።

ብዙ ሰው የሚስተው አንድ ነገር አለ። ሰርቨሩ ብዙ ሰርቨሮችን ከአንድ ቦታ በሚያስተዳድረው በቪሴንተር ሥር ከሆነ በቀጥታ ያስገባኸው ቁልፍ አይዘልቅም። ቪሴንተር የራሱን ይጽፍበታል። ስለዚህ ለውጡ እዚያው ቪሴንተር ላይ መደረግ አለበት።

ደግሞ ኢኤስኤክስአይ ሼል (ትዕዛዝ የሚጻፍበት ቦታ) ላይ የተጻፈ ትዕዛዝ ሁሉ ሼል-ሎግ በሚባል ፋይል ይመዘገባል። ቁልፉም አብሮ! ሎጉን ለሌላ ሰው ከመላክህ በፊት ቁልፉን ከውስጡ አጥፋ።

እንደ ኢኤስኤክስአይ ቨርቹዋል ማሽን በሚያሠራው ፕሮክስሞክስ ላይ ነገሩ ቀለል ይላል። ፒቪኢ-ሰብስክሪፕሽን በሚባል ትዕዛዝ ቁልፉን ታስገባለህ፣ ታያለህ። ቁልፍ ባይኖርም ቨርቹዋል ማሽን ማስነሳት አይከለክልም፤ የምታጣው ለከፋዮች የተለየውን የአፕዴት ማከማቻ ነው።

በቪኤምዌር በኩል ይህ ሁሉ እስከ 8ኛው ስሪት ላለው ነው። ከ9ኛው ጀምሮ የ25 ፊደሉን ቁልፍ ቦታ የላይሰንስ ፋይል ወስዶታል።