ቤንቶ ምንድን ነው?
ቲክቶክ ላይ የሚዞሩትን የጃፓን ምሳ ዕቃዎች ሳታዩ አትቀሩም። ከሩዝ የተሰራ ድብ፣ ስምንት እግር የወጣለት ቋሊማ፣ በአበባ ቅርጽ የተቆረጠ ካሮት። እነዚህ ኪያራቤን ይባላሉ፤ በብዛት የሚሰሩት ለትንንሽ ልጆች ነው። ቆንጆ ናቸው፣ ግን ሰውን ያስፈራሉ። ብዙ ጃፓናዊ በየቀኑ ይዞት የሚወጣው ቤንቶ ይህን ያህል አያደክምም።

ቤንቶ ለአንድ ሰው በአንድ ሳጥን የተሰናዳ፣ ተይዞ የሚሄድ ምሳ ነው። ሩዝ አለው። ዓሣ፣ ዶሮ ወይም እንቁላል አለው። አትክልት አለው። እስከዚህ ድረስ ከማንም ምሳ ዕቃ አይለይም። ልዩ የሚያደርገው ጠዋት ተሰርቶ ከሰዓታት በኋላ ሳይሞቅ መበላቱ ነው። ከሱቅ የሚገዛውን ማይክሮዌቭ ውስጥ የሚከቱት አሉ፤ የቤቱ ግን ብዙውን ጊዜ እንዳለ ይበላል። ስለዚህ ምግቡ ሲመረጥም፣ ሲቀመምም፣ ሲደረደርም ቀዝቅዞ እንዲጥም ታስቦ ነው።

ከሩዙ እንጀምር። የጃፓን ሩዝ አጭርና ድቡልቡል ነው፣ ሲበስል ይያያዛል፣ ከቀዘቀዘ በኋላም ለስላሳ ሆኖ ይቆያል። ባስማቲ ሲቀዘቅዝ ይደርቃል፣ ይበተናል። እዚህ ላይ መደራደር አያዋጣም፤ አጭሩን ሩዝ ካላገኛችሁ ሌላ ምሳ ብትሰሩ ይሻላል። ሩዙ ውሃው እስኪጠራ ድረስ ይታጠባል፣ ግማሽ ሰዓት ያህል ይዘፈዘፋል፣ ለአንድ ኩባያ ሩዝ አንድ ኩባያ ከሩብ የማይሞላ ውሃ ተደርጎ ተከድኖ ይበስላል። ከእሳት ከወረደ በኋላም አሥር ደቂቃ ክዳኑ ሳይነሳ ይቆያል።

ሩዝ ይዞ መውጣት እዚያ የቆየ ነው። በድሮ ዘመን ወታደርና መንገደኛ የበሰለ ሩዝ አድርቆ ይይዝ ነበር፤ እንዳለ ይቆረጥማል ወይም ውሃ ውስጥ አርሶ ይበላዋል። በኤዶ ዘመን (እ.ኤ.አ. 1603–1868) ቴአትር ተመልካቾች በትዕይንቶች መሃል የሚበሉት ማኩኖኡቺ የተባለ ቤንቶ መጣ፤ ስሙ ዛሬም በየሱቁ አለ። ባቡር ሲመጣ ደግሞ የጣቢያ ቤንቶ ተፈጠረ። የመጀመሪያው እ.ኤ.አ. በ1885 በኡትሱኖሚያ ጣቢያ እንደተሸጠ ይነገራል፤ በቀርከሃ ቅርፊት የተጠቀለለ ሁለት የሩዝ ድቡልቡል ነበር አሉ። አሁን በየክልሉ የራሱ ዓይነት አለው። እኔ የምወደው የዮኮካዋ ጣቢያውን ነው። እ.ኤ.አ. ከ1958 ጀምሮ በሸክላ ድስት ይሸጣል፣ ድስቱንም ቤት ወስዶ መጠቀም ይቻላል።

በጣም ቀላሉ ቤንቶ ሂኖማሩ ይባላል። ነጭ ሩዝ፣ መሃሉ ላይ አንዲት ቀይ ኡሜቦሺ፣ አለቀ። የጃፓንን ባንዲራ ይመስላል። ኡሜቦሺ በጨው የተቀመጠ፣ የደረቀ፣ ጥርስ የሚያሳክክ ኮምጣጣ ፍሬ ነው፤ የፕሪም ዘመድ በሉት። አሲዱ ከመበርታቱ የተነሳ በአሉሚኒየም ምሳ ዕቃ ዘመን ክዳኑን ይበላው ነበር። ሩዙ እንዳይበላሽ ያደርጋል ተብሎም ይታመናል። ይህ እውነት የሚሆነው ፍሬው በነካው አካባቢ ብቻ ነው፤ አንዲት ፍሬ አስቀምጦ ሳጥኑን ሙሉ ቀን ፀሐይ ላይ መተው አያስኬድም።

አብዛኛው ቤንቶ ውስጥ የማይጠፋው ታማጎያኪ የሚባለው ጥቅል እንቁላል ነው። ሦስት እንቁላል ምቱ፣ ግን አረፋ እስኪያወጣ አይደለም። አንድ የሻይ ማንኪያ ስኳር፣ ትንሽ ሶያ ሶስ፣ ቁንጥር ጨው ጨምሩ። መጥበሻውን ዘይት ቀቡና ሲሶውን አፍስሱ። ላዩ ገና እርጥብ ሳለ ከወዲያኛው ጫፍ ወደ ራሳችሁ ጠቅልሉት። ጥቅሉን መልሳችሁ ወደ ወዲያ ግፉ፣ ዘይት ቀቡ፣ ሌላውን ሲሶ አፍስሱ። አሁን ጥቅሉን በማንኪያ ቀና አድርጉትና ፈሳሹ ከሥሩ ይግባ። እንደገና ጠቅልሉ። የመጀመሪያው ዙር ቢቀደድም ግድ የለም፣ የመጨረሻው ይሸፍነዋል። የጃፓኖቹ መጥበሻ አራት ማዕዘን ነው፤ ክቡም ይሠራል፣ ጫፍና ጫፉን ቆርጦ መቅመስ ነው። ለቤንቶ ሲሆን ግን መሃሉ እርጥብ እንዳይቀር በደንብ ይብሰል።

የተጠበሰ ዶሮ ከፈለጋችሁ ካራአጌ አለ። የጭኑ ሥጋ በሶያ ሶስ፣ በዝንጅብልና በነጭ ሽንኩርት ይዘፈዘፋል፣ የድንች ስታርች ተነስንሶበት ይጠበሳል። ሲቀዘቅዝ ቅርፊቱ ይለሰልሳል፣ ቅመሙ ሥጋው ውስጥ ስለገባ ግን ጣዕሙ አይጠፋም። ለአትክልት ደግሞ ቀቅላችሁ በደንብ የጨመቃችሁትን ስፒናች በተፈጨ ሰሊጥ፣ በሶያ ሶስና በትንሽ ስኳር እሹት። ቆስጣም ይሆናል። ሰሊጡ ጣዕም ከመስጠቱም በላይ የሚወጣውን ውሃ ይመጥጣል። ምክንያቱም የቤንቶ ጠላት ፈሳሽ ነው። መረቅ ያለው ነገር አይገባም፣ ወጥ ወዳዶች ይቅር በሉን።

አደራደሩ ላይ ሰው ሁሉ የሚሳሳተው ሳጥኑን ባለመሙላት ነው። ክፍተት ካለ ቢሮ ስትደርሱ ሁሉም ነገር አንድ ጥግ ተከምሮ ታገኙታላችሁ። ሩዙ ገና ትኩስ ሳለ በቅድሚያ ይገባል፣ ቅርጹን የሚይዘው ያኔ ነው። ከዚያ ትልልቁ፣ ከዚያ ትንንሹ። የቀረችውን ቀዳዳ ቅንጥሷ በተነሳላት ትንሽ ቲማቲም ወይም በብሮኮሊ ድፈኗት። መጠኑን በተመለከተ የተለመደ ስሌት አላቸው፦ ሦስት እጅ ሩዝ፣ አንድ እጅ ሥጋ ወይም ዓሣ፣ ሁለት እጅ አትክልት። በዚህ መልክ ጥቅጥቅ ተደርጎ ከተሞላ 600 ሚሊ ሊትር የሚይዝ ሳጥን ወደ 600 ኪሎ ካሎሪ ይሆናል። ሳጥን ስትገዙ ሥሩ ላይ ያለውን ቁጥር እዩ።

ክዳኑን ቶሎ አትግጠሙ። እንፋሎቱ ታፍኖ ውሃ ይሆናል፣ ለብ ያለና እርጥብ ምግብ ደግሞ የባክቴሪያ ሠርግ ነው። ሁሉም ነገር ሲቀዘቅዝ ብቻ ይከደን። በአኪታ ግዛት ኦዳቴ ከተማ ከጥድ መሰል እንጨት የሚሰሩት ማጌዋፓ የሚባሉ ሳጥኖች ትርፍ እርጥበት ስለሚመጥጡ ይወደዳሉ፤ ዋጋቸው ግን አይቀመስም። የፕላስቲኩ ይበቃል። በሙቀት ወራት የበረዶ ከረጢት አብሮ ይያዝ።

በጾም ወቅት ቤንቶ እንዲያውም ይቀላል። እንቁላሉንና ዶሮውን አውጥታችሁ ከአኩሪ አተር የሚሰራውን ቶፉ ጠብሳችሁ ወይም እንጉዳይ ተኩ። የጃፓን ገዳማት ምግብ ራሱ ከእንስሳት ተዋጽኦ ነፃ ስለሆነ ሐሳብ ለመዋስ አይቸግርም። ተጠንቀቁ ብቻ፣ ዳሺ የሚሉት መረቃቸው ብዙ ጊዜ የዓሣ ነው፤ ዓሣ የማትበሉ ከሆነ ኮምቡ ከሚባለው የባሕር ቅጠል የሚሰራውን ፈልጉ።

ጠዋት ጊዜ የለኝም ለምትሉ፣ ጃፓኖቹም የላቸውም። ግማሹ የማታ እራት ነው፤ ከፍሪጅ ወጥቶ እስከ ውስጡ ይሞቅና እንደገና ቀዝቅዞ ይገባል። ሰሊጡ ያለበት ስፒናችም በትንሽ በትንሹ ተከፋፍሎ ፍሪዘር ውስጥ መቀመጥ ይችላል። ጠዋት የሚሰራው ሩዙና እንቁላሉ ነው። ሩዝ ማብሰያ ካላችሁ ማታ ሰዓት ሞልታችሁት ተኙ።