ቨርቲካል ሮል ምንድን ነው?

በድሮ ባለ ቱቦ ቴሌቪዥን ላይ ምስሉ አልረጋ ብሎ ሽቅብ ወይም ቁልቁል ሲንሸራተት፣ በመሃሉም ወፍራም ጥቁር መስመር ሲያልፍ ያየ ሰው ቨርቲካል ሮልን ያውቀዋል። ለጠጋኙ ብልሽት ነው። በትርኢት፣ በቪዲዮና በፊልም የምትሠራው አሜሪካዊት አርቲስት ጆአን ጆናስ ግን በ1972 እ.ኤ.አ. ከዚሁ ብልሽት 20 ደቂቃ ያህል የሚረዝም ጥቁርና ነጭ ቪዲዮ ሠራች፤ ርዕሱም «ቨርቲካል ሮል» ነው።

ካሜራው በሰከንድ 50 ጊዜ (በአሜሪካው ሥርዓት 60 ጊዜ) «ከላይ ጀምር» የሚል ምት ይልካል። ቴሌቪዥኑም የራሱ ምት አለው፤ ከካሜራው ጋር እስከተገጣጠመ ድረስ ምስሉ ይረጋል። ካልተገጣጠመ ልዩነቱ ፍጥነቱን ይወስነዋል፦ 1 ሄርዝ (በሰከንድ አንድ ምት) ከሆነ ምስሉ በሰከንድ አንድ ዙር ይሄዳል፣ ግማሽ ሄርዝ ከሆነ በሁለት ሰከንድ አንድ። ጥቁሩ መስመር ምስል የማይጫንበት የሲግናሉ ክፍል ነው፤ በ50 ሄርዙ ሥርዓት አንዱ ምስል ከሚከፈልባቸው 625 ቀጫጭን አግድም መስመሮች ወደ 50 የሚጠጉት ባዶ ናቸው።

ጆናስ በ1970 ጃፓን ሄዳ ሶኒ ፖርታፓክ የተባለውን ተንቀሳቃሽ መቅረጫ ገዝታ ተመልሳ ነበር። በዚህ ሥራ አንዱ ካሜራ እሷን ሲቀርጽ ሌላው ምስሉ የሚንሸራተትበትን ሞኒተር ይቀርጻል። እግሮቿ ሲዘሉ መስመሩን የተሻገሩት ይመስላል፤ መዳፏ ሲወርድ ከመስመሩ ጋር ይጋጫል። የሚንኳኳ ማንኪያ ድምፅም ምቱን ያጠብቀዋል። መጨረሻ ላይ ጭንቅላቷን በሞኒተሩና በሁለተኛው ካሜራ መካከል ታስገባለች፤ እሷ ረግታ ከኋላዋ ያለው ምስል መሽከርከሩን ይቀጥላል። ስለዚህ ነገሩ በኤዲቲንግ የሚለጠፍ ኢፌክት አይደለም። ተዋናይዋ መስመሩን እያየች ካልተንቀሳቀሰች ብልሽት ብቻ ሆኖ ይቀራል።

መሞከር ለሚፈልግ፣ ከኋላ ወይም ከፊት የቴሌቪዥኑን ምት የሚያስተካክል «ቪ-ሆልድ» የሚባል ማዞሪያ ያለው አሮጌ ቴሌቪዥን ያስፈልጋል። ፍላት ስክሪን ላይ አይሆንም፤ በኋላ የመጡ ባለ ቱቦዎችም ምቱን በራሳቸው ስለሚይዙ ብዙዎቹ ማዞሪያው የላቸውም። የካሜራውን የምስል መውጫ በቢጫው ገመድ ያገናኙና ማዞሪያውን በጣም በቀስታ ያዙሩ። በሰከንድ ከአንድ ዙር በላይ ከፈጠነ ሰውነት አይከተለውም።

ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ነው፦ አዲስ ካሜራ ዲጂታሉን ሲግናል ወደ አናሎግ በሚቀይር ኤችዲኤምአይ ኮንቨርተር አልፎ ሲገናኝ ምስሉ ይዘገያል። መዘግየቱ ትንሽ ቢመስልም ዝላዩ መስመሩ ካለፈ በኋላ ይደርሳል። ቀጥተኛ የአናሎግ መውጫ ያለው አሮጌ ካምኮርደር ይሻላል።

ሁለተኛው ካሜራ ትራይፖድ ላይ ይቁም፣ ክፍሉ ይጨልም። ሻተሩ (እያንዳንዱ ምስል የሚቀረጽበት ጊዜ) 1/50 ሰከንድ ይሁን፣ ለ60 ሄርዝ 1/60፤ አለዚያ ከእውነተኛው መስመር ጋር የሚምታታ ሌላ ጥላ ስክሪኑ ላይ ይሄዳል። ፎከሱንም ብርሃኑንም በእጅ ይቆልፉ። በአውቶ ከተተወ ጥቁሩ መስመር ባለፈ ቁጥር ምስሉ ይደምቃል፣ ይፈዛል።

ማዞሪያው ከውጭ ካልተገኘ ግን ሽፋኑን ራስዎ አይክፈቱ። ቱቦው በሺዎች የሚቆጠር ቮልት ይዟል፣ ከሶኬት ከተነቀለም በኋላ ይቆያል፤ ለጥገና ባለሙያ ይስጡት።