የቀበሌ ቤት ልጆች፦ ብዙ ጊዜ የሚወራውና እውነታው

የአዲስ አበባን አሮጌ ሰፈሮች፣ ጨርቆስን ወይም የፈረሰውን ዶሮ ማነቂያን ስናነሳ ስለ ልጆቹ የሚወራው አብዛኛው ከሩቅ የታየ ነው።

«ወላጆቻቸው ሕገ ወጥ ሰፋሪ ናቸው።» ይሄ ያለ ፈቃድ በሌሊት ከሚሠራው ከጨረቃ ቤት ጋር መምታታት ነው። በአዋጅ ቁጥር 47/1967 ትርፍ ቤት ሲወረስ፣ ኪራያቸው በወር ከ100 ብር በታች የነበሩት ለቀበሌ ተሰጡ፤ የቀበሌ ቤት የሚባሉት እነዚህ ናቸው። ኪራዩ ለአሥርት ዓመታት ብዙም ሳይነካ ቆየ፤ በዚያ ገንዘብ ደግሞ ጣሪያ አይጠገንም። ቆርቆሮው የሚያፈሰው፣ ጭቃው የሚረግፈው ለዚህ ነው።

«ውጭ የሚውሉት ተቆጪ ስለሌላቸው ነው።» ቤቱ እኮ አንድ ክፍል ነው! አልጋ፣ ቁም ሳጥን፣ ከሰል ምድጃ፤ ከዚያ በኋላ ልጅ የሚቀመጥበት የለም። ሳሎኑ ግቢው ነው። ተቆጪማ ሞልቷል፦ ጠዋት ብይ ሲጫወት የተሳደበ ልጅ፣ ማታ እናቱ ከሦስት ጎረቤት ሰምታ ትጠብቀዋለች። የማንም እናት «ና እስቲ፣ ሽንኩርት ከሱቅ አምጣልኝ» ብትለው እንቢ አይልም። ውሃ በፈረቃ ሌሊት ከመጣ ደግሞ ከእንቅልፉ ተነስቶ ጀሪካን ያሰልፋል። የቤት ሥራውን አልጋ ጫፍ ላይ፣ ደብተሩን ጉልበቱ ላይ አድርጎ፣ ቴሌቪዥን እየጮኸ ይሠራል።

«በባዶ ሆድ ነው የሚማሩት።» የድሮ ወሬ ነው። ከ2012 ዓ.ም. ጀምሮ በከተማዋ የመንግሥት ቅድመ አንደኛና አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች ቁርስና ምሳ አለ። የሚከብደው ትምህርት ቤት ሲዘጋ፣ በተለይ ክረምቱ ነው።

«ድሃ ቢሆኑም ደስተኞች ናቸው።» ይህን የምንለው በብዛት ከዚያ የወጣን ሰዎች ነን። ሱዚና የካልሲ ኳስ ናፍቆናል፤ የጋራ ሽንት ቤቱን ግን አናነሳም። ማታ ባትሪ ይዞ፣ ታላቅ ወንድም አስከትሎ የሚኬድበት፣ ሲሞላ ፍሳሹ በር ላይ የሚያልፍ ነው። በክረምት የከሰሉ ጭስ በዚያች ክፍል ታፍኖ ሲያስለንም ያድር ነበር።

«ኮንዶሚኒየም ከገቡ አለፈላቸው።» የራስ ቧንቧና የራስ ሽንት ቤት ቀላል ነገር አይደለም። ነገር ግን እንደ ኮዬ ፈጬ ያለው ከመሀል ከተማ ሩቅ ነው፤ ሥራዋ አሮጌው ሰፈር የቀረ እናት በታክሲ ሰልፍ ላይ ይመሽባታል። በፊት ብትዘገይ ልጁ ጎረቤት እራቱን በልቶ እዚያው እንቅልፍ ይጥለው ነበር። አሁን ቁልፉን በክር አንገቱ ላይ አስራለት ነው የምትወጣው።