«ዓመቱን ቀይሪልኝ» ያለ ሁሉ አጭበርባሪ አይደለም

በትርጉምና ጽሕፈት ሥራ ላይ ያለን ሰዎች አንድ የምንባባለው ነገር አለ። «የሚያጠራጥር ነገር ይዞ ከመጣ አትንኪለት፣ መልሺው።» ይሄን መስማት ሰልችቶኛል።

በቀደም አንዲት እናት የልጃቸውን የክርስትና ካርድ ይዘው መጡ። «እባክሽ ልጄ፣ ተርጉሚና ዓመቱን ቀይሪልኝ» አሉ። አብራኝ የምትሠራው ልጅ ቀና እንኳ ሳትል «እኛ ፎርጅድ አንሠራም» አለቻቸው። ፊታቸው ልውጥ አለ። ካርዱን ወደ ፌስታላቸው ሲመልሱ ደረስኩ።

«እማማ፣ ወደ ፈረንጆቹ ይቀየር ማለትዎ ነው?»

«እሱን ነው እንጂ የኔ ልጅ! ለኤምባሲ ነው።»

ካርዱ ላይ ጥር 10 ቀን 1990 ይላል። በፈረንጆቹ ጃንዋሪ 18 ቀን 1998 ነው። ልዩነቱ ከመስከረም ጀምሮ 7 ዓመት ይሆንና ታኅሣሥ መጨረሻ ላይ ወደ 8 ይዘላል። ሰው ይሄን ራሱ ማስላት ቢከብደው አይፈረድበትም። የሁለት ደቂቃ ሥራ ነው። በዚህ ነው እኚህ እናት ሌባ የተባሉት።

ስለዚህ ከመመለስ በፊት መጠየቅ ነው። እኔ ሁለት ጥያቄ ይበቃኛል፦ ዋናው ላይ ያለው ልክ ነው? የሚገባውስ የት ነው? «መጠየቅ ደንበኛ ያስቀይማል» የሚሉም አሉ። በትህትና ተጠይቆ የተቀየመብኝ የለም።

«ደንበኛው ካዘዘኝ ተጠያቂው እሱ ነው» የሚባለውም ውሸት ነው። የኮምፒዩተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 ሐሰተኛ ዳታ የሚጠቀመውን ብቻ ሳይሆን የሚያዘጋጀውንም ይቀጣል።

«አንድ ፊደል ባርም ምን አለበት?» አለበት። ተርጓሚ ያለውን ነው የሚተረጉመው፤ ዋናው ከተሳሳተ የሚያርመው የሰጠው መሥሪያ ቤት ነው።

ደግሞ ጥያቄ የማያስፈልገውም አለ። አንድ ወጣት የሥራ ልምድ ደብዳቤ ስካን አስደርጎ «ጽሑፉን አጥፊውና ማህተሙንና ፊርማውን ተይልኝ» አለኝ። ይሄ ግልጽ ነው፣ አልሠራም። ግን አልጮኽኩበትም። አስቀምጬ ችግሩን ጠየቅኩት። ለካ ደብዳቤው ላይ የሥራ መደቡ በስህተት ተጽፎበት ኖሯል። «ይሄን እኔ ብነካው አንተም እኔም እንጠየቃለን። ተመለስና በአዲስ ያጽፉልህ» አልኩት፤ የማመልከቻውን ወረቀትም ጻፍኩለት። በሳምንቱ አዲሱን ደብዳቤ ይዞ መጣ፤ ተረጎምኩለት።