የኖርዌዩ ላፕስካውስ በስሎው ኩከር፦ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

ላፕስካውስ የበሬ ሥጋ፣ ድንች፣ ካሮትና ኮልሩት አብረው ቀስ ብለው የሚበስሉበት የኖርዌይ ቤተሰብ ወጥ ነው። ኮልሩት ውስጡ ወደ ቢጫ የሚያደላ ትልቅ ሥር ነው፤ ጥሬውን ጎመን ጎመን ይላል፣ ሲበስል ግን ይጣፍጣል። ኦስሎ ውስጥ የትኛውም ምግብ መሸጫ ገብቶ ማግኘት ይቻላል። በሌላ አገር ካጡት ተርኒፕ ይተካዋል፤ እሱም ከሌለ ካሮቱን መጨመር ነው። ወጡን በስሎው ኩከር፣ ማለትም ምግብን በዝቅተኛ ሙቀት ለሰዓታት በሚያበስል የኤሌክትሪክ ማሰሮ፣ የሚሞክር ሰው በብዛት ከሁለት አንዱ ይገጥመዋል፦ ወይ የቀጠነ ሾርባ፣ ወይ ሥጋው ልሞ ድንቹ ግን ጥርስ የሚይዝ ወጥ። ለሁለቱም መነሻው ከምድጃ ላይ ድስት የተወረሰ ልማድ ነው።

ከታች ያለው ሁሉ የተሰላው 6 ሊትር ለሚይዝ ማሽንና ለ6 ሰው ነው፦ 1 ኪሎ ሥጋ፣ 1 ኪሎ ድንች፣ 400 ግራም ኮልሩት፣ 3 ካሮት፣ 150 ግራም የሴለሪ ሥር፣ 2 ራስ ሽንኩርት፣ 1 ባሮ ሽንኩርት፣ 5 ዴሲሊትር (ግማሽ ሊትር) የሥጋ መረቅ፣ 2 የሾርባ ማንኪያ ቅቤ፣ 2 የሻይ ማንኪያ ጨው፣ 1 የሻይ ማንኪያ ቁንዶ በርበሬና 2 ደረቅ የሎሬል ቅጠል። መረቁ ከኩብ የተሠራ ከሆነ ጨው መጀመሪያ ላይ ግማሹ ብቻ ይገባል።

«ውድ ሥጋ ከገዛሁ ወጡ ይጣፍጣል»

ጭቅና ለዚህ ወጥ ገንዘብ ማባከን ነው። 8 ሰዓት መረቅ ውስጥ ተቀምጦም ይደርቃል፣ አፍ ውስጥ እንደ ጥጥ ይሆናል። ማንኛውም ሥጋ ከ60 ዲግሪ ሲያልፍ ጡንቻው እየተኮማተረ ውኃውን ጨምቆ ያወጣል፤ ዙሪያው ፈሳሽ መሆኑ ይህን አያስቀረውም። ወርች፣ ፍርምባ፣ አንገትና የቅልጥም ሥጋ የሚድኑት በመሃላቸው ያለው ነጭ ጅማት መሰል ነገር፣ ኮላጅን የሚባለው፣ ከ70 ዲግሪ በላይ ለሰዓታት ሲቆይ ቀልጦ ጄላቲን ስለሚሆን ነው። ያ ጄላቲን የደረቀውን ጭረት ያለሰልሳል፣ መረቁንም ከንፈር ላይ ትንሽ እንዲጣበቅ ያደርጋል። ኖርዌይ ውስጥ ሥጋ ቤት የሚጠየቀው ሆይሪግ (የትከሻው ጀርባ)፣ ቡግ (ወርች) ወይም ቢብሪንገ (ፍርምባ) ተብሎ ነው። ቁራጩ በየጎኑ 3 ሳንቲ ሜትር ይሁን። ከዚያ ካነሰ ማታ ማሰሮው ውስጥ የሚገኘው የተበጣጠሰ ክር ነው።

«ሥጋውን መጥበስ ጭማቂውን ይቆልፈዋል»

አይቆልፈውም። ተጠብሶ ሳህን ላይ የተቀመጠ ሥጋ ከሥሩ ውኃ ሲያፈስ ማንም ያየዋል፤ ተቆልፎ ቢሆን አያፈስም ነበር። በተቃራኒው «እንግዲያው መጥበስ አያስፈልግም» የሚሉም አሉ፤ እነሱም ግማሹን ብቻ ነው የያዙት። ሥጋ ቡናማ ሆኖ ያን የጥብስ ጣዕም የሚያመጣው ላዩ ከ140 ዲግሪ ገደማ በላይ ሲሞቅ ነው። ስሎው ኩከር ደግሞ ከውኃ መፍያ አያልፍም፣ ስለዚህ 10 ሰዓት ቢቆይም ያን ጣዕም ሊፈጥር አይችልም። ብሩን ላፕስካውስ፣ ማለትም ቡናማው፣ መጥበሻ የግድ ይፈልጋል። ሊስ ላፕስካውስ የሚባለው ፈዘዝ ያለው ዓይነት ግን ቀለል ባለ ጨው ከታሸ ሥጋ የሚሠራና የማይጠበስ ነው፤ እሱ ላይ ጨው የሚጨመረው መጨረሻ ላይ ከተቀመሰ በኋላ ብቻ ነው።

አጠባበሱ እንዲህ ነው። ሥጋው በወረቀት ፎጣ ተጠርጎ ይደርቅ። ቅቤው መጥበሻው ላይ ቀልጦ አረፋው ሲረግብ ከሥጋው ሩቡ፣ 250 ግራም ያህል፣ ቁራጮቹ ሳይነካኩ ይደርደርና 2 ደቂቃ ሙሉ ሳይነካ ይተው። ጆሮን መስጠት ይጠቅማል፦ የጋለው ቸስ የሚል ድምፅ ወደ ቡልቅልቅታ ከተለወጠ ሥጋው በገዛ ውኃው እየተቀቀለ ነው፤ መጥበሻው ተጨናንቋል፣ ግማሹ ይውጣ። ሁሉም ካለቀ በኋላ የተከተፈው ሽንኩርት እዚያው 5 ደቂቃ ይቁላላ። ከዚያ ከመረቁ 1 ዴሲሊትር ይፈስና መጥበሻው ላይ የተጣበቀው ቡናማ ቅሪት በእንጨት ማንኪያ ተፍቆ ይለቀቅ። ያ ቅሪት ማሰሮው ውስጥ ካልገባ የመጥበሱ ድካም ግማሹ መጥበሻው ላይ ቀርቷል።

«ሽንኩርቱ በዝቶ ቁሌት ካልተሠራለት ወጥ አይሆንም»

ይህ የእኛ ቤት ስሕተት ነው፣ ለመረዳትም ቀላል ነው፤ እኛ ዘንድ ወጥን ወጥ የሚያደርገው ሽንኩርቱ ነውና። ላፕስካውስ ግን አካሉን የሚያገኘው ከድንቹ ነው። 5 ራስ ሽንኩርት ቢቁላላለት የሚወጣው ጥሩ ድንች ያለበት አልጫ ነው፣ ላፕስካውስ ግን አይደለም።

«ሥጋ ከታች፣ አትክልት ከላይ»

የምድጃ ድስት እሳቱ ከታች ነው፣ መረቁም እየፈላ ይገላበጣል፤ ስለዚህ የትኛው የት ቢቀመጥ ለውጡ ትንሽ ነው። ስሎው ኩከር ውስጥ ፍላት የሚባል ነገር እምብዛም የለም። ሙቀቱ የሚመጣው ከማሰሮው ግድግዳና ከሥሩ ነው፣ ወደ መሃልና ወደ ላይ የሚደርሰው ከሰዓታት በኋላ ነው። እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚገርመው ነገር ይመጣል፦ በዚህ ማሽን ካሮትና ድንች ከሥጋ ይዘገያሉ። የሥራሥርን ሕዋሶች አጣብቆ የያዘው ፔክቲን በደንብ መላላት የሚጀምረው ሙቀቱ ወደ 85 ዲግሪ ሲጠጋ ነው፤ የሥጋው ኮላጅን ግን ከዚያ በፊት ሥራውን ጀምሯል።

ስለዚህ ከሥር ኮልሩት፣ ካሮትና የሴለሪ ሥር በ1.5 ሳንቲ ሜትር ተቆርጠው ይነጠፋሉ፤ ከእነሱ ውስጥ የመጨረሻው የሚበስለው ኮልሩት ነውና ግድግዳው ጥግ የሚገባው እሱ ነው። በላዩ ድንቹ፣ ከዚያ ሥጋና ሽንኩርት፣ መጨረሻ መረቁ። ድንቹ መረቅ ውስጥ ካልሰጠመ አየር ያገኘው ጎኑ ይጠቁራል፤ በማንኪያ ጫን ጫን ማድረግ ነው። ባሮ ሽንኩርቱ ሊወጣ 30 ደቂቃ ሲቀረው ብቻ ይገባል፤ ጠዋት ከገባ ማታ አረንጓዴነቱም ጣዕሙም የለም።

አዲስ አበባ ላይ ለሚሠራ አንድ ተጨማሪ ነገር አለ። እዚያ ከፍታ ላይ ውኃ በ92 ዲግሪ ገደማ ስለሚፈላ የማሰሮው ጣሪያም እዚያው ነው። ሥጋው ግድ አይሰጠውም፣ ኮልሩትና ካሮቱ ግን ከ1 እስከ 2 ሰዓት ተጨማሪ ይፈልጋሉ፤ ወይም ወደ 1 ሳንቲ ሜትር ዝቅ ብለው ይቆረጣሉ።

«መረቁ ሁሉንም መሸፈን አለበት»

የቀጠነው ላፕስካውስ የሚወለደው እዚህ ነው። ምድጃ ላይ ከ1 ሊትር በላይ የሚጨመረው በእንፋሎት የሚሄደውን ታስቦ ነው። ስሎው ኩከር ላይ እንፋሎቱ ክዳኑን ነክቶ ተመልሶ ይንጠባጠባል፤ 1 ኪሎው ሥጋም ብቻውን 300 ግራም ገደማ ፈሳሽ ይለቃል። 5 ዴሲሊትሩ መጀመሪያ ሲታይ ያንሳል፣ ሥጋውም ግማሹ ከመረቅ በላይ ይሆናል። ይተው። ከ4 ሰዓት በኋላ ሲታይ ራሱ ተሸፍኗል።

«የሚያወፍረው ዱቄት ነው»

ቡናማ ሶስ የሚወዱ ቤቶች ዱቄት በቅቤ አጥቁረው ይጨምራሉ፣ ያም የታወቀ አሠራር ነው። ግን ዱቄት በጠቆረ ቁጥር የማወፈር ጉልበቱ ይቀንሳል፣ ስታርቹ በሙቀቱ ይሰባበራልና። ለቀለምና ለጣዕም ጥሩ ነው፤ ለውፍረት መተማመን ያለበት ድንቹ ላይ ነው። ከ1 ኪሎው 600 ግራሙ ዱቄታም፣ ሲበስል የሚፈርስ ዓይነት ይሁን፤ በኖርዌይ ማንዴል የሚባለው ትንሽና ሞላላ ድንች እንዲህ ያለ ነው። 400 ግራሙ ጠንከር ያለና ቅርጹን የሚይዝ ይሁን። መጨረሻ ላይ ሁለት ጭልፋ ድንች ከነመረቁ ወጥቶ በሹካ ይደፈጠጥና ተመልሶ ይቀላቀላል፤ ከዚያ ክዳኑ ተነሥቶ 15 ደቂቃ። የደረሰ ላፕስካውስ ማንኪያ መሃሉ ላይ ሲጎተት ሥሩ ለአንድ አፍታ ይታያል፣ ከዚያ መረቁ ቀስ ብሎ ይመለሳል። ወዲያው ከሞላ ሌላ አንድ ጭልፋ ይደፍጥጡ።

«ሃይ ከሎው እጥፍ ይሞቃል»

በአብዛኞቹ ማሽኖች ሁለቱም ቁልፎች፣ ሃይ (ከፍተኛው) እና ሎው (ዝቅተኛው)፣ የሚደርሱት እዚያው ከውኃ መፍያ በታች ያለ ሙቀት ላይ ነው። የሚለያዩት ለመድረስ በሚወስደው ጊዜ ነው። በሎው ከ8 እስከ 9 ሰዓት፣ በሃይ ከ5 እስከ 6 ሰዓት ይበቃል። ዋርም የሚለው ቁልፍ ግን የበሰለን ለማቆያ ብቻ ነው፤ ማብሰያ አይሆንም።

ክዳኑን ከፍቶ ማማሰልም አያስፈልግም፤ አንድ ጊዜ በተከፈተ ቁጥር 20 ደቂቃ ያህል ይጨመራል። ማሰሮው ቢያንስ ግማሹ፣ ቢበዛ ሁለት ሦስተኛው ይሞላ።

«በረዶ የሆነ ሥጋ ቢገባም ቀኑን ሙሉ ስላለው ይደርስለታል»

ይደርስለታል፣ ግን አደጋው በመንገዱ ላይ ነው። ባክቴሪያ የሚራባው በ5 እና በ60 ዲግሪ መካከል ነው፤ በረዶ ሥጋ ደግሞ ማሽኑን ለሰዓታት እዚያው መካከል ያቆየዋል። ሥጋው ከዋዜማው ጀምሮ ፍሪጅ ውስጥ ይቅለጥ። ማታ ተቆርጦ ማደር ካለበት ሥጋና አትክልት በየዕቃቸው ይደሩ፤ ማሰሮውን ራሱን ከነምግቡ ፍሪጅ ውስጥ ማሳደር ያን ወፍራም ሸክላ ያቀዘቅዘውና ጠዋት አነሳሱን ያዘገየዋል። ሥጋውን ማታ ላዩን ብቻ ጠብሶ ማሳደርም ጥሩ አይደለም፤ ከተጠበሰ ወዲያው ማሽኑ ውስጥ ይግባ።

መብራት የሚሄድበት አገር ላይ ደግሞ ይህ ይታወቅ፦ ሰው ቤት ካለ ምግቡ ወዲያው ወደ ጋዝ ምድጃ ተዛውሮ ይጨረስ። ቤት ሰው ሳይኖር መብራት ሄዶ ከመጣና ስንት ሰዓት እንደቆየ ካልታወቀ፣ የበሰለ ቢመስልም ይደፋ።

«ላፕስካውስ ትርፍራፊ ማጥፊያ ነው»

በከፊል እውነት ነው። የትላንት ጥብስና የተቀቀለ ድንች ተከትፎ የሚሠራ ላፕስካውስ አለ፤ እሱ ግን ምድጃ ላይ ግማሽ ሰዓት የማይሞላ ሥራ ነው፣ ስሎው ኩከር ውስጥ የሚገባበት ምክንያት የለም። ስሙና አመጣጡ ከሰሜን ባሕር መርከበኞች ጋር የተያያዘ ነው። የሰሜን ጀርመኑ ላብስካውስ ዘመዱ ነው፤ የሊቨርፑል ሰዎች ስካውስ የሚባሉትም በዚሁ ምግብ ስም ነው። ኒው ዮርክ፣ ብሩክሊን ውስጥም ኖርዌያውያን የሰፈሩበት 8ኛው ጎዳና በአንድ ወቅት ላፕስካውስ ቡልቫርድ የሚል ቅጽል ወጥቶለት ነበር። ብሔራዊ ምግብ ነው የሚባለው ግን ልክ አይደለም፤ ያ ማዕረግ የፎሪኮል፣ የበግ ሥጋና የጥቅል ጎመን ወጥ ነው።

«ስሎው ኩከር ለባህላዊ ምግብ አይሆንም»

ፈረንሳዮች ምግብ በራሱ ሙቀት የሚበስልበትን የታሸገ ሣጥን እስከ ዛሬ «የኖርዌይ ድስት» ነው የሚሉት። ዮሃን ሶረንሰን የሚባል ኖርዌያዊ ይህን መሣሪያ እ.ኤ.አ. በ1867 በፓሪሱ ዓለም አቀፍ ኤግዚቢሽን ላይ አሳይቶ ነበር። በኖርዌይኛ ሆይካሴ፣ የድርቆሽ ሣጥን፣ ይሉታል፦ ድስቱ ምድጃ ላይ በደንብ ይፈላል፣ ከዚያ ድርቆሽ በተጠቀጠቀበት ሣጥን ውስጥ ተዘግቶ ያለ እሳት ለሰዓታት ይበስላል። ክሮክ ፖት የተባለው ስሎው ኩከር አሜሪካ ውስጥ ገበያ ላይ የዋለው ከዚያ ከመቶ ዓመት በኋላ፣ በ1971 ነው።

ማቅረቢያው ፍላትብሮ የሚባል ስስና ደረቅ ቂጣ ከቅቤ ጋር፣ አጠገቡም ጎምዛዛው የቲተባር ፍሬ ማርማላታ ነው። በርበሬ የፈለገ ሚጥሚጣ በየሳህኑ ይነስንስ፤ ማሰሮው ውስጥ ከጠዋት ከገባ የኮልሩቱን ጣፋጭነት ይውጠዋል። የተረፈው በ2 ሰዓት ውስጥ ጠለቅ ባላሉ ዕቃዎች ተከፋፍሎ ፍሪጅ ይግባ፣ በ3 ቀን ውስጥ ይበላ። ፍሪዘር ውስጥ ድንቹ አሸዋ አሸዋ ይላል። በማግሥቱ ወጡ ጠጥሮ ይገኛል፤ ለ6 ሰው ከተሠራው ግማሹ ከተረፈ 1 ዴሲሊትር ውኃ ጠብ አድርጎ ምድጃ ላይ እስኪንተከተክ ማሞቅ ነው። ስሎው ኩከር ላይ መልሶ ማሞቅ አይቻልም፣ በጣም ይዘገያል።