«ባህልን መቀደስ» ምንድን ነው?

በአሜሪካ የክላሲካል ሙዚቃ አዳራሾች ውስጥ ሥርዓቱ ጥብቅ ነው። ወሬ የለም፤ ሳል እንኳ ይታፈናል፤ ሲምፎኒ በሚባለው፣ ለኦርኬስትራ (ለትልቅ የሙዚቃ ጓድ) በተጻፈ ባለ ብዙ ክፍል ድርሰት፣ አንዱ ክፍል አልቆ ሌላው ሲጀመር በመሀል የሚያጨበጭብ ሰው የለም። ታዳሚው ቅዳሴ ላይ የቆመ ይመስላል። ሙዚቃው በባሕርዩ ይህን የሚጠይቅ ሊመስለን ይችላል። የባህል ታሪክ ተመራማሪው ሎረንስ ሌቪን ግን እ.ኤ.አ. በ1988 ባሳተመው ጥናት ሥርዓቱ በ19ኛው ክፍለ ዘመን ሁለተኛ አጋማሽ የተበጀ መሆኑን አሳየ። ሂደቱንም ባህልን መቀደስ አለው፤ አንድን ጥበብ ከገበያና ከጨዋታ ለይቶ በአክብሮት ብቻ የሚቀርቡት ማድረግ ማለት ነው።

ከዚያ በፊት ነገሩ ሌላ ነበር። ታዳሚው የወደደውን «ይደገም!» እያለ ያስደግማል። በ1850 ስዊድናዊቷን ዘፋኝ ጄኒ ሊንድን ወደ አሜሪካ ያመጣት ፒ. ቲ. ባርነም የተባለ የትርኢት ነጋዴ ነው፤ እሷም የኦፔራ ዜማና ሁሉም የሚያውቀውን ተራ ዘፈን በአንድ መድረክ ታቀርብ ነበር። በ1869 ደግሞ የሙዚቃ ባንድ መሪው ፓትሪክ ጊልሞር ቦስተን ውስጥ ባዘጋጀው የሰላም በዓል ላይ ከጣሊያናዊው አቀናባሪ ከቬርዲ ኦፔራ የተወሰደውን የብረት ቀጥቃጮች ዝማሬ መቶ የእሳት አደጋ ሠራተኞች እውነተኛ መስፍ በመዶሻ እየደበደቡ አጅበውታል። ያን ቀን አዳራሹ ውስጥ መሆን እንዴት ደስ ይል ነበር!

ለውጡ ያለ ገንዘብ አይሆንም ነበር። የቦስተኑ ባለ ባንክ ሄንሪ ሊ ሂጊንሰን በ1881 የከተማዋን ሲምፎኒ ኦርኬስትራ አቋቁሞ ኪሳራውን ለብዙ ዓመታት ከኪሱ ሸፈነ። ሒሳቡን አንድ ባለጸጋ ከከፈለ፣ ሕዝብ የጠየቀውን የመጫወት ግዴታ ይቀራል፤ ምን እንደሚሰማ የሚወስነው የኦርኬስትራው መሪ ይሆናል። በ1900 በተከፈተው የኦርኬስትራው አዳራሽ ዙሪያ ለታላላቅ አቀናባሪዎች ስም ሰሌዳዎች ተዘጋጅተው ነበር፤ ስም የተጻፈበት ግን አንድ ብቻ ነው፣ ቤትሆቨን።

ሌቪን በዚህ የሚያዝነው የጋራ የነበረ ባህል የልሂቃንና የተራው ሕዝብ ተብሎ ለሁለት ስለተከፈለ ነው። እኔ ሙሉ በሙሉ አልስማማም። ያ ገንዘብ ባይኖር ዓመቱን ሙሉ አብሮ የሚለማመድ ኦርኬስትራ ከየት ይመጣል? ሂጊንሰንም ቢሆን በ25 ሳንቲም የሚገባበት ትኬት ነበረው። ክፉው ነገር የመጣው በሌላ በር ይመስለኛል፤ የተቀደሱት ሊቃውንት የሞቱ አውሮፓውያን ሲሆኑ፣ በሕይወት ላለ አሜሪካዊ አቀናባሪ ቦታው ጠበበ። ጥቁር ለሆነ ደግሞ ይበልጥ።

ጥቁር አሜሪካዊቷን አቀናባሪ ፍሎረንስ ፕራይስን እንውሰድ። በ1933 የቺካጎ ሲምፎኒ ኦርኬስትራ የመጀመሪያ ሲምፎኒዋን ተጫወተ፤ በትልቅ የአሜሪካ ኦርኬስትራ ሲምፎኒዋ የተሰማላት የመጀመሪያዋ ጥቁር ሴት ሆነች። ከአሥር ዓመት በኋላ ለቦስተኑ ኦርኬስትራ መሪ ለሰርጌ ኩሴቪትስኪ ጽፋ፣ ሴትነቷና ዘሯ ሁለት እንቅፋት እንደሆኑባት በግልጽ ነግራ፣ ድርሰቷን እንዲያይላት ለመነችው። ኩሴቪትስኪ ሥራዋን አንድም ቀን አልመራም።